የናሙና ሠሪዋ እጅ

ማክሰኞ፣ ኅዳር 9 ቀን፣ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ ታላቅ እህቴ ስልሳ አራተኛውን ረድፍ ጀምራ ሳትጨርስ ሞተች። ግራጫ ሹራብ ነው፤ ገና የጀርባው ክፍል። መርፌዎቹ ላይ መቶ አሥራ ሁለት የክር ቀለበቶች አሉ። አርባ ዘጠኙ ወደ ቀኙ መርፌ ተሻግረዋል፤ ስልሳ ሦስቱ ግራው ላይ ቀርተዋል። ሦስት ጊዜ ቆጥሬዋለሁ። ልቃቂቱ ከወንበሯ ሥር ተንከባሎ የቤታችን ቁም ሣጥን እግር ጋ ቆሞ አገኘሁት።

ክሩ አዲስ አይደለም። በብርሃን ሲያዩት እንደ ከርዳዳ ፀጉር ተጠማዟል። ክር እንዲህ የሚሆነው ተሠርቶ ሲፈታ፣ ተፈትቶ እንደገና ሲሠራ ነው። ስንት ጊዜ እንደ ፈታችው አላውቅም። ለምን እንደ ፈታችው ግን አውቃለሁ፤ የምጽፈውም እሱን ነው።

እታለም ነበር የምላት። በአሥራ አንድ ዓመት ትበልጠኛለች። እናታችን ስትሞት እኔ ስድስት ዓመቴ ነበር፤ እሷ ትምህርቷን ከዘጠነኛ ክፍል አቋርጣ ሹራብ ፋብሪካ ገባች። ፋብሪካ ይባል እንጂ ማሽን አልነበረበትም። ጣሪያው ቆርቆሮ የሆነ ረጅም አዳራሽ፣ ቁጥር የተጻፈባቸው መቶ ስልሳ ወንበሮች፣ በየወንበሩ አንዲት ሴት፣ በየሴቷ እጅ ሁለት መርፌ። የሚሠራው ሁሉ በካርቶን ታሽጎ ብርድ ወዳለበት ሩቅ አገር ይጫናል። ከሠሪዎቹ አንዷም ለብሳው አታውቅም።

በአምስተኛ ዓመቷ ወደ ናሙና ክፍል አዛወሯት። ክፍሏ ጠባብ ናት፦ አንድ መስኮት፣ አንድ ጠረጴዛ፣ የክር ሚዛን፣ ቁልፍ ያለው ቁም ሣጥን። ገዢው ሥዕል ይልካል፤ እሷ ከሥዕሉ ሁለት መንታ ሹራብ ትሠራለች። አንዱ ለገዢው ይላካል፣ አንዱ ቁም ሣጥኑ ውስጥ ይቀመጣል። ገዢው ከወደደው «እንደዚህ ያለ ሺህ ሁለት መቶ ሥሩልኝ» ይላል፤ መቶ ስልሳዎቹም ናሙናውን እያዩ ይሠራሉ።

መጀመሪያ የጸደቀላት ናሙና ነጭ ነበር፤ ደረቱ ላይ እንደ ሹሩባ የተጎነጎነ። የሃያ ሁለት ዓመት ልጅ ነበረች። ገዢው በሳምንቱ «እጅግ ወደነዋል» ብሎ ጻፈ። አዳራሹ ሺህ ሁለት መቶውን ሠርቶ ላከ። በሁለት ወሩ ካርቶኖቹ ከነማሸጊያቸው ተመለሱ፤ ከላይ አንድ ዓረፍተ ነገር ነበረባቸው፦ «ይህ ያጸደቅነው ሹራብ አይደለም።»

ፎርማኑ በሩን እንኳ ሳያንኳኳ ገባባት። ሴቶቹ ከአፉ ከማይጠፋው ቃል ተነሥተው «ቶሎ በሉ» ብለው ሰይመውታል።

«አንቺ ልጅ፣ እጅሽ ገደለን።»

«ምን አጠፋሁ ጋሼ? አበላሸሁት እንዴ?»

«ብታበላሺውማ ምን ነበረበት! አሳመርሽው እንጂ። ስሚ፣ መቶ ስልሳ ሰው አንቺን መሆን አይችልም። አንቺ ግን መቶ ስልሳውን መሆን ትችያለሽ። ውረጅና ተማሪ።»

ወረደች። አንድ ወር ሙሉ አዳራሹ ውስጥ፣ ወንበር አሥራ ሰባት አጠገብ ተቀመጠች። የአሥራ ሰባቷ ባለወንበር ምላሷ ከመርፌዋ የፈጠነ ሴት ናት።

«መጣች ደግሞ እመቤቲቱ! ከኛ ምን ልትማሪ ነው?»

«ድካም።»

«እሱንማ በነጻ እንሰጥሻለን፣ ሞልቶን!»

እታለም የሌሎቹን እጅ እያየች ሠራች። ጠዋት ክሩ ጠበቅ እንደሚል፣ ከምሳ በኋላ እንደሚላላ፣ የመውጫ ሰዓት ሲቃረብ ደግሞ በችኮላ ተመልሶ እንደሚጠብቅ አጠናች። ልጇ የታመመባት ሴት ጉንጉኑን የት ላይ እንደምትስት እንኳ ለየች። ከዚያ ወደ ክፍሏ ተመልሳ መቶ ስልሳው ሰው ሁሉ ሊደርስበት የሚችለውን፣ ከዚያ ፈቀቅ የማይለውን ሹራብ መሥራት ጀመረች። ከዚያ ወዲያ አሥራ ስድስት ዓመት አንድ ካርቶን አልተመለሰም።

«ሰው ተምሮ ይሻሻላል» ትለኝ ነበር እየሳቀች፣ «እኔ ተምሬ ባስኩ።»

መጀመሪያ ስትነግረኝ ዩኒቨርሲቲ ገብቼ ነበር። ቀልዱ ጥሞኝ ሳቅኩ እንጂ ምንም አልጠየቅኳትም።

የገዢዎቹን ማዘዣ ወረቀቶች ጀርባቸው ንጹሕ ስለሆነ ለእኔ ማስታወሻ እንዲሆኑ ታመጣልኝ ነበር። ሁለት መቶ አሥራ ሁለቱ እጄ ላይ አሉ፤ በቀን ቅደም ተከተል አስቀምጫቸዋለሁ። የመጀመሪያው ወረቀት ላይ አንድ ሹራብ ሰባት መቶ ሰማንያ ግራም ይመዝናል፤ ክሩ ንጹሕ የበግ ፀጉር ነው፤ ማስረከቢያው አምስት ወር። ከሰባት ዓመት በኋላ ስድስት መቶ አሥር ግራም፣ ግማሹ ፀጉር ግማሹ ሰው ሠራሽ ክር፣ ሦስት ወር። መጨረሻዎቹ ላይ ሁለት መቶ ዘጠና ግራም፣ ሙሉ በሙሉ ሰው ሠራሽ፣ አርባ ቀን። ድሮ በዓመት ሁለት ጊዜ ይታዘዝ የነበረው በየወሩ ሆነ፤ በአንድ ዓይነት ሺህ ሁለት መቶ የነበረው መቶ ሃምሳ ሆነ። የእነዚያ አገሮች ክረምት እየሞቀ እንደ ሄደ ጋዜጣ ላይ አንብቤአለሁ። እታለም ጋዜጣ አልፈለገችም። ወረቀቱን በጣቷ መታ መታ አድርጋ «ድሮ ሹራብ ይወረስ ነበር፤ አሁን ዓመት አይደግምም» አለች።

አንድ ቀን ፎርማኑ «ቶሎ በሉ» ስልኩ ላይ ቪዲዮ አሳያቸው። በሌላ አገር የቆመ ማሽን ነው፤ የሰው እጅ ሳይነካው፣ ያለ መገጣጠሚያ ስፌት፣ ከኮሌታ እስከ እጅጌ በአርባ ደቂቃ አንድ ሹራብ ይተፋል። መርፌዎቹ ሁሉ ቆሙ። የአሥራ ሰባቷ ብቻ «ሲያስነጥሰውስ ማን ይማርህ ይለዋል?» አለች። ሳቁ። በዓመቱ ከመቶ ስልሳው ወንበር ሠላሳ ስምንቱ ብቻ ተረፈ።

ባለፈው ጥር አንድ አዲስ ገዢ ጻፈ። የእሱ ደንበኞች ማሽን የነካውን አይፈልጉም፤ የጥሩ ሠሪ እጅ ያለበት፣ ወፍራም፣ በበግ ፀጉር የተሠራ፣ የተጎነጎነ ሹራብ ነው የሚሹት። ናሙናው በአሥራ አንድ ቀን ይድረሰኝ አለ። ከእሱ ሌላ ትዕዛዝ አልነበረም። ሥራ አስኪያጁ ራሱ ናሙና ክፍል መጣ።

«እትዬ፣ ያን የድሮ እጅሽን አምጪው። ይኼ ከሄደ ሠላሳ ስምንታችሁም ቤታችሁ ናችሁ።»

አራት ቀን ሠራች፤ በአራተኛው ቀን ፈታችው። እንደገና ሠራች፤ እንደገና ፈታችው። ረድፉ መሀል ላይ ሲደርስ ክሩ ይላላል። እሷ አይደለችም የምታላላው፤ ራሱ ይላላል። ጣቷን ስታጠብቅ ዳሩ ይሸበሸባል። በሰባተኛው ቀን ቁም ሣጥኑን ከፍታ የነጩን ሹራብ መንታ አወጣች። በላስቲክ ተጠቅልሎ ነበር፤ ብል አልነካውም። ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ ብዙ ጊዜ ዳሰሰችው።

«ይህን የሠራች ልጅ የት ሄደች?» አለች።

የአሥራ ሰባቷ በሩ ላይ ቆማ ነበር። «ደክሟት ተኝታለች እታለሜ፤ አትቀስቅሻት።»

ሥራ አስኪያጁ ግን ሹራቡን ሲያይ ዓይኑ በራ። «ምን ትደክሚያለሽ? ይኸው እኮ! አጥበን እንላከው።»

እታለም መልሱን ለነገ አሳድራ ቤት መጣች። እኔ ከምሠራበት መዝገብ ቤት ያመጣሁትን ዝርዝር አመሳክር ነበር።

«አንተ፣ የመዝገብ ሰው ነህ። አሮጌ ወረቀት ለአዲስ ጉዳይ ማስረጃ ይሆናል?»

«ፊርማው የማን ነው?»

«የራሴ።»

«ፊርማው የራስሽ ከሆነ ይሆናል» አልኳት፤ ቀና ብዬም አላየኋትም።

የጠየቀችኝ ስለ ሹራቡ እንደ ነበር የነገረችኝ ነገሩ ካለፈ በኋላ ነው። መልሴ ለወረቀት ትክክል ነው። ወረቀት የፈረመበት ሰው ቢለወጥም አይለወጥም፤ ማንም ሰው ያንኑ ፊርማ ሦስት መቶ ጊዜ ድገም አይለውም። ይህን ያኔ ልላት ይገባኝ ነበር። አላልኳትም።

ነጩ ሹራብ ሄደ። ገዢው በአምስት ቀኑ አጸደቀው፤ ሦስት መቶ አዘዘ። ቁም ሣጥኑ ውስጥ ሌላ አልነበረም፤ መንታው ካርቶኖቹ ከተመለሱበት ዘመን ጀምሮ የመጀመሪያው ገዢ ዘንድ ነው። ሠላሳ ስምንቱ ሴቶች እታለምን ከበው ተቀመጡ። ታስተምራቸው የነበረው ነጩ ሹራብ ሳይላክ ከተነሣ ፎቶግራፍ ነው፤ በእጇ ስታሳያቸው የምታሳያቸው የራሳቸውን እጅ ነበርና።

«እንዴት ነው የሚጠብቀው?» ትላታለች አንዷ።

«ክሩን እንዲህ በትንሿ ጣትሽ ያዢው።»

«እንዲህ ይዤዋለሁ እኮ።»

«አዎ፤ ይዘሽዋል» ትላለች እታለም። ከዚያ ፎቶግራፉን ደግማ ታያለች።

የመጀመሪያዎቹ ሠላሳ ሹራቦች በመጋቢት ተላኩ። በሚያዝያ ተመለሱ። ይህኛው ሰው የድሮውን ገዢ አያውቀውም፤ ግን ቃል በቃል ያንኑ ጻፈ፦ «ይህ ያጸደቅነው ሹራብ አይደለም።» ሁለቱን ደብዳቤዎች ጎን ለጎን አያይዣቸዋለሁ። ነጩን ናሙና እንዲመልስ ሦስት ጊዜ ተጻፈለት። አልመለሰም።

ፋብሪካው በግንቦት መጨረሻ ተዘጋ። ማንም ፊት ለፊት አልወቀሳትም። የአሥራ ሰባቷ የመጨረሻው ቀን ወንበሯን ተሸክማ ስትወጣ «ሃያ ዓመት ተቀምጬበታለሁ፤ አሁን ደግሞ እሱ ይቀመጥብኝ» ብላ አሳቀቻቸው። ከእታለም ጋር ግን በር ላይ ሳይሰነባበቱ ተለያዩ። እታለም የተረፈ ግራጫ ክር ይዛ ቤት ገባች።

ከዚያ ቀን ጀምሮ በየጠዋቱ መስኮቱ አጠገብ ትቀመጣለች።

«ለማን ነው?» አልኳት።

«ለማንም። እጄ ትመለስ እንደሁ ልይ ብዬ ነው።»

«ለእኔ ግን ያምራል።»

«ለአንተ ያምራል። አንተ ምን ታውቃለህ፣ ወረቀት ነው የምታውቀው።» ሳቀችና የሠራችውን ከጫፉ ይዛ ተረተረችው። ክሩ ሲፈታ የሚያሰማውን ድምፅ እስከ መኝታ ክፍሌ ድረስ እሰማው ነበር።

ነሐሴ ላይ ደረቷን ይጨንቃት ጀመር። ሐኪሙ ልብ ነው አለ፤ መድኃኒት ሰጣት፤ ዋጠችው። ሹራቡን አልተወችም።

ከሞተች በኋላ፣ ሐሙስ ዕለት፣ ማስመሪያ አምጥቼ ስልሳ ሦስቱን ረድፎች ለካሁ። በአሥር ሳንቲ ሜትር ውስጥ ዳር ላይ ሃያ ሁለት ቀለበት አለ፤ መሀል ላይ ሃያ አንድ፤ መሀሉ ላልቷል ማለት ነው። ታችኛው ረድፍ ላይ እንዲያ ነው፤ ሠላሳኛው ላይ እንዲያ ነው፤ ስልሳ ሦስተኛውም ላይ ያው ነው። እጇ እንደ ተመለሰች የሚያሳይ ረድፍ ፈልጌ ነበር። የለም። መርፌዎቹን እንዳሉ ትቼ ሹራቡን በነጭ ወረቀት ጠቅልዬዋለሁ።

በቦርሳዋ ኪስ ውስጥ ያገኘሁት የመጨረሻው ወረቀት የሰኞ ነው፤ ኅዳር 8 ቀን። በዚያ ጠዋት የናሙና ክፍሉን ቁም ሣጥን ቁልፍ ከአሮጌ ሽርጧ ኪስ ውስጥ አገኘችው። መድኃኒቷን ዋጠች፣ ጫማዋን አጠለቀች፣ እስከ ፋብሪካው በር ሃያ አምስት ደቂቃ በእግሯ ሄደች። የቀረውን የበሩ ጥበቃ ነው የነገረኝ።

«እትዬ፣ ቁም ሣጥኑ እኮ ተሽጧል። ቁልፉን ምን ላድርገው?»

«እኔ ምን አውቄ? የፋብሪካው ነው፤ ተቀበለኝ። ደግሞ ጻፍልኝ፤ ቤት ያለው ወንድሜ ያልተጻፈ ነገር እንቅልፍ ይነሣዋል።»

የጥበቃው እስክሪብቶ አልጽፍ አለ። ተሻግራ ከመንገዱ ማዶ ካለው ጫማ ጠጋኝ ሌላ እስክሪብቶ ተውሳ መጣች። ጥበቃው ከደብተሩ ግማሽ ገጽ ቀደደና «አንድ ቁልፍ ተረክቤአለሁ» ብሎ ጻፈ፤ ቀኑንና ሰዓቱን አስጻፈችው፦ ከረፋዱ አራት ሰዓት ከሃያ። ፈረመ። ወረቀቱን አጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች፤ ተመልሳ ተሻገረችና እስክሪብቶውን ለጫማ ጠጋኙ ሰጠችው።