ለታይፑ የተሰፋው ማኅደር

በደርግ ጊዜ ደብረ ብርሃን፣ አንድ መሥሪያ ቤት ውስጥ ታይፒስት ነበርኩ። የምጽፍበት ታይፕ እንደ ሌላው ታይፕ አልነበረም። ብዙ ዓምድ ያለው ሰፊ ቅጽ እንዲያስገባ ተብሎ የመጣ ስለሆነ ወረቀት የሚጠቀለልበት በትሩ በግራም በቀኝም ከገላው አልፎ ይወጣል። በዚህ በኩል ሲያቅፉት በዚያ በኩል ይወጋል። ክብደቱን ማወቅ የፈለገ ሰው አንድ የደረሰ ጠቦት ታቅፎ ዳገት ይውጣ።

ይህን ጉድ ተሸክሜ በየወረዳው እዞር ነበር። ሥራዬ ለብሔራዊ ውትድርና የተመለመሉ ልጆችን ስም ዝርዝር መምታት ነው። ዝርዝሩ እዚያው ወረዳው ላይ፣ ሊቀመንበሩ ፊት ተመትቶ ማህተም ካላረፈበት አይጸናም። ካልጸና ደግሞ ለዚያ ዙር ማንም ልጅ መኪና ላይ አይወጣም። በመጀመሪያው ጉዞዬ ታይፑን በጆንያ አድርጌ የጭነት መኪና ላይ ጫንኩት። ስደርስ በትሩ ተጣሞ፣ ሦስት ፊደል ተሰብሮ አገኘሁት። የዚያ ወረዳ ልጆች ያን ዙር እቤታቸው ቀሩ፤ እኔ ግን አለቃዬ ፊት ቆምኩ።

«ጓድ፣ አንዴ ከተደገመ እንጀራሽ አበቃ» አለኝ።

እናቴን የማኖረው በዚያች እንጀራ ነበር። ስለ ልጆቹ አላሰብኩም፤ እውነቱን ለመናገር ያሰብኩት ስለ ቦርሳ ብቻ ነው። ካያያዝ ይቀደዳል፣ ካነጋገር ይፈረዳል ይባል የለ፤ እኔ ሁለቱንም ፈራሁ።

ገበያ ወጣሁ። ሻንጣ ሻጩ ያለውን ትልቁን አወረደልኝ፤ በትሩ አንድ ስንዝር ተርፎ ውጭ ቀረ። «ጫፉን ለምን አታስቆርጪውም?» አለኝ። የመንግሥት ንብረት ነው ስለው ሻንጣውን ነጥቆኝ መልሶ ሰቀለ። የቀበሌው ኪነት ቡድን የአኮርዲዮን ሣጥን አዋሰኝ። በወርዱ ገባ፣ ክዳኑ ግን አልገጥም አለ። በማግስቱም አኮርዲዮኑን ብርድ መታው ብለው ሣጥናቸውን ወሰዱ። በብርድ ልብስ ጠቅልዬ በገመድ ብጠፍረው፣ ጎረቤቶቼ በሽተኛ የታቀፍኩ መስሏቸው «እግዜር ይማርልሽ» አሉኝ። አሜን አልኩ፤ ምን ልበል።

በመጨረሻ የደረሰልኝ አንድ ሽማግሌ መሪጌታ ነው። ብራና ይፍቃሉ፣ ለቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት ማኅደር ይሰፋሉ። ማኅደር መጽሐፍ እየገባ በትከሻ የሚነገትበት የቆዳ ከረጢት ነው። ታይፑን ፊታቸው አስቀመጥኩ። ዓይናቸው ደክሞ ስለነበር በእጃቸው ዳሰሱት።

«የሽፋኑ ገበታ ብረት ነው?»

«አዎ፣ አባቴ።»

«ስንት ቅጠል አለው?»

«ቅጠሉ ለብቻው ነው የሚመጣው።»

«የሚነበበው ዘወትር ነው ወይስ በበዓል?»

«ከሰኞ እስከ ዓርብ፤ ቅዳሜ እስከ ስድስት ሰዓት» አልኳቸው።

ራሳቸውን ነቅንቀው በስንዝርና በጣት ለኩት። በትሩን ከዳር እስከ ዳር ሦስት ጊዜ ለኩ። ውስጡን በበግ ቆዳ ከነጠጉሩ አለበሱት። ሳምንት ቆይቼ ስመለስ ታይፑ ማኅደሩ ውስጥ ገብቶ ንቅንቅ አልል አለ። በደስታ እጃቸውን ሳምኩ። ከዚያ ክዳኑን አየሁ፤ መሐሉ ላይ የእጅ መዳፍ የሚያክል መስቀል ታትሞበታል።

«አባቴ፣ አለቃዬ ይህን ካየ ምን ይለኛል?»

«ያለ መስቀል ሰፍቼ አላውቅም፣ ልጄ። እጄ እምቢ አለኝ።»

አለቃዬ አየው። ዙሪያውን ዞረ። «ምንድን ነው ይሄ?»

«የመደመር ምልክት ነው፣ ጓድ።»

ትንሽ አሰበና ማኅደሩን ከፍ አድርጎ ነቀነቀው። ታይፑ ድምፅ አላሰማም። «መልካም» አለና የአንኮበርን የእጅ ጽሑፍ ዝርዝር ሰጠኝ።

ጉድና ጅራት ከወደኋላ ነው። አውቶቡስ ስገባ አንድ ዲያቆን ብድግ አለና ወንበሩን ለቀቀ። አመስግኜ ልቀመጥ ስል፣ «ለእርስዎ አይደለም» ብሎ ማኅደሩን ከትከሻዬ አውርዶ ወንበሩ ላይ አስቀመጠው። ስለዚህ ታይፑ ተቀምጦ፣ እኔ ቆሜ ተጓዝን። ታይፕ ነው ብል የሚወርድብኝን ስድብ ፈርቼ የወንበሩን ጫፍ ያዝኩ። መንገደኛው በየተራ እየመጣ ይሳለመዋል። አውቶቡሱ ጉድጓድ በመታ ቁጥር ደግሞ መስመር ሲያልቅ የምትጮኸው የታይፑ ደወል ውስጥ ሆና ቅጭል ትላለች፤ ሕዝቡ ያማትባል። ወደ አሊዩ አምባ የሚወርድ አንድ ነጋዴ፣ «ወላሂ፣ ደወል ያለው ኪታብ ዛሬ ገና ማየቴ!» አለ። ሳቄን ለመያዝ ከንፈሬን ነከስኩ።

ሳቄ የጠፋው አንዲት እናት ሲመጡ ነው። ደብረ ብርሃን የከረሙት አንድ ልጃቸውን ከዝርዝሩ ለማስወጣት ደጅ ሲጠኑ ነበር። ማንም አልሰማቸውም።

«የማን ገድል ነው፣ ልጄ?» አሉኝ።

«የብዙ ሰው ነው፣ እማማ።»

ተንበረከኩና ግንባራቸውን መስቀሉ ላይ አሳረፉ። የልጃቸውን ስም ከነአባቱ ሹክ አሉት። «አንድ ነው ያለኝ። አደራህን፣ አስቀርልኝ» አሉት፤ ታይፑን።

ደወሏ ቅጭል አለች። እናትየው ሰማኝ ብለው ደስ አላቸው።

አንኮበር ስንደርስ ወረዳ ጽሕፈት ቤቱ በር ላይ ቆሜ የእጅ ጽሑፉን ገለጥኩ። እናትየው ሹክ ሲሉት የሰማሁት የልጃቸው ስም አሥራ አራተኛው ላይ ነበር። ዘልዬው እንዳላልፍ ሊቀመንበሩ እያንዳንዱን ስም በጣቱ እየተከተለ ያስመታል። እንጀራዬ ትዝ አለችኝ፤ እናቴም። ከዚያ የእኚያ እናት ግንባር ትዝ አለኝና ከታች ወደ ላይ የወጣሁበትን የድንጋይ ደረጃ ዞሬ አየሁት። ረጅም ነው። ማንገቻውን ከትከሻዬ አወለቅኩና ለቀቅኩት።

ታይፑ እስከ ታች ተንከባለለ። በየደረጃው ቅጭል፣ ቅጭል፣ ቅጭል ይላል። የጽሕፈት ቤቱ ዘበኛ ጠመንጃውን ጥሎ ሮጠ፤ አነሳው፣ ተሳለመው፣ አቧራውን በጋቢው ጠርጎ አመጣልኝ።

ሊቀመንበሩ ፊት ከፈትኩት። በትሩ ቀጥ ብሏል። አንድ ፊደል አልተነካም። ወረቀት አስገብቼ ቁጭ አልኩና እስከ አሥራ ሦስተኛው መታሁ፤ ቀጥሎም አሥራ አራተኛውን፣ ከነአባቱ። ማህተሙ እዚያው አረፈበት።

ደብረ ብርሃን ስመለስ መሪጌታ ደጃቸው ላይ ፀሐይ ይሞቁ ነበር። በዳናዬ አወቁኝ።

«ልጄ፣ ማኅደሩ ልክ ሆነልሽ?»

«ልክ ነው፣ አባቴ» አልኳቸው፤ ፊታቸው ላይ አለቀስኩ። እሳቸው ደስታ መሰላቸው።