ለስኮትላንዳዊው የማነበው ድርሰት

በወረርሽኙ ጊዜ፣ ዐረብ አገር፣ አል ካራማ በሚባል ሰፈር ከተከራየኋት አንድ ክፍል ሆኜ የምሠራው ለአንድ ስኮትላንዳዊ የፊልም ጸሐፊ ነበር። እሳቸው ሌላ ከተማ፣ አል አይን፣ አል ጂሚ ሰፈር ካለ ቪላ መውጣት አልቻሉም፤ በሁለቱ ከተሞች መካከል ያለው መንገድ ተዘግቷል። ዕድሜያቸውን ሙሉ ለቴሌቪዥን የሐኪምና የፖሊስ ድራማ ሲጽፉ ኖረው፣ ሁለት ፊልም ሠርተው፣ ከዚያ ፈላጊ አጥተው ነበር። ይኼ አሁን የምጽፈው ፊልም የመጨረሻዬ ነው ይላሉ።

አንድ አመል አላቸው፤ የጻፉትን ሌላ ሰው ጮክ ብሎ ካላነበበላቸው አያምኑትም። በስልክ አንባቢዋ እኔ ነኝ። የተቀጠርኩት ለእርማት እንጂ ለተዋናይነት አልነበረም። ግን ከእሳቸው ሌላ የሚደውልልኝ ስላልነበረ ብዙ አላጉረመረምኩም።

አዲስ አበባ እናቴ ታማለች። በረራ የለ፣ ሄጄ አላያት። ስደውል ታላቅ ወንድሜ «ተኝታለች» ይለኛል፤ ሌላ ቀን ደግሞ «አሁን ገና ጸበል ጠጥታ ጋደም አለች»። ድምፅዋን ከሰማሁ ሰነባብቷል። የማዋየው ሰው አልነበረኝም።

አንድ ከሰዓት በኋላ በላኩልኝ ትዕይንት ውስጥ፣ የፊልሙ ዋና ገጸ ባሕርይ የሆነችው ኢትዮጵያዊት ሞግዚት ማዳም ቤት ወጥ እየሠራች የእናቷን ሞት በስልክ ትሰማለች። ማንበቤን አቋረጥኩ።

«ይኼ ውሸት ነው» አልኳቸው፤ ትዕግሥት ድሮም የለኝም። «እኛ ዘንድ መርዶ በስልክ አይነገርም። ዘመድ ወዳጅ ተሰብስቦ፣ በማለዳ በሯን አንኳኩቶ፣ ደግፎ ይዞ ነው የሚያረዳት።»

«አሁን ማንም ወደ ማንም ቤት አይሄድም» አሉኝ። «ታዲያ እንዴት ትሰማለች?»

«አትሰማማ! ሰው የሚላክበት ቀን እስኪመጣ ደህና ናት ይሏታል፤ ተኝታለች ይሏ…»

ዘጋሁባቸውና ወንድሜ ጋ ደወልኩ።

«ጋሼ፣ እማዬን አገናኘኝ።»

«ተኝታለች እኮ።»

«የምትልኩብኝ ሰው አጥታችሁ ነው?»

ወንድሜ ሲያለቅስ ሰምቼው አላውቅም ነበር። «ብቻሽን ሆነሽ እንዳትሰሚው ብለን ነው እህቴ» አለኝ።

ብቻዬን ሆኜ ሰማሁት። መልሼ አል ጂሚ ደወልኩ፤ ሌላ የምደውልለት አልነበረኝም። «ሞታለች» አልኳቸው። እሳቸው፣ ዕድሜ ልካቸውን ለሌላው የሚናገረውን ሲጽፉ የኖሩት ሰውዬ፣ አንድ ቃል አልወጣቸውም። ስልኩን ግን አልዘጉም። ወለሉ ላይ ተቀምጬ እናቴን እየጠራሁ አልቅሼ እስኪወጣልኝ ድረስ ትንፋሻቸው ይሰማኝ ነበር።