ዓይነ አፋሩ የመስመር ዳኛ

የመጀመሪያ ቀን ሥራዬ ላይ የደረስኩት አርባ ደቂቃ ቀድሜ ነበር። የሰጡኝ ዩኒፎርም ሰማያዊ ባለኮሌታ ቲሸርትና ካኪ ሱሪ ነው። ሱሪው ለሌላ ሰው ታስቦ የመጣ ስለሆነ ወገቡን በቀበቶ ሰብስቤ አሰርኩት። ቦታው አትላንታ አጠገብ ካለችው ከሳንዲ ስፕሪንግስ ወጣ ብሎ ያለ የቴኒስ ክለብ ነው፤ ጣሪያው እንደ መጋዘን ከፍ ያለ፣ ሜዳዎቹ በአረንጓዴ መጋረጃ የተለያዩ። ከመጋረጃው ወዲያ ሌላ ጨዋታ ስላለ የኳስ ድምፅ ከሁለት በኩል ይመጣል። በዚያ ጠዋት አንድ ሦስት ጊዜ የጎረቤት ኳስ ስሰማ ደንግጬ ልጮህ ነበር።

ሥራዬ የመስመር ዳኝነት ነው። በሜዳው ዙሪያ እያንዳንዱ ሰው አንድ መስመር ይሰጠዋል፤ ኳሱ ከዚያ መስመር ውጭ ሲያርፍ «አውት!» ብሎ መጮህ ነው። ሲነገር ቀላል ነው። እኔም ቀላል መስሎኝ ነው የገባሁበት።

ያስገቡኝ ዋልት ናቸው። ዳውንታውን አትላንታ አንድ የሕንፃ ፓርኪንግ ውስጥ እሠራ ነበር፤ ዋልት ደግሞ በወር የሚከፍሉ ደንበኛችን ነበሩ። ስድሳ ያለፋቸው፣ ረጅም ሰው ናቸው፤ መኪናቸው ደግሞ ለእሳቸውም ይበዛል። አንድ ጠዋት በሁለት ምሰሶዎች መካከል ወደኋላ ሲገቡ እጄን እያወዛወዝኩ መራኋቸውና መጨረሻ ላይ «ስቶፕ!» አልኩ። ወርደው ሲያዩ በመኪናቸውና በምሰሶው መካከል የቀረው አንድ ጣት የሚያስገባ ክፍተት ነው።

«በምን አወቅህ?» አሉኝ።

«አየሁት።»

«ሁሉም ሰው አየሁ ይላል። አንተ በሰዓቱ ጮህክ።»

ለካ ዋልት ከቢሮ ሥራቸው ሌላ የቴኒስ ዳኞች አለቃ ኖረዋል። በሳምንቱ ስልክ ቁጥሬን ወሰዱ።

በሁለት ቅዳሜ አስተማሩኝ። ኳሱን አትከተል፤ ወደ መስመርህ እንደሚመጣ ካወቅህ ዓይንህ ቀድሞ መስመሩ ላይ ይጠብቀው። ካረፈ በኋላ ውጭ ከሆነ መጀመሪያ ድምፅ፣ ከዚያ ክንድ። መስመሩን የክር ያህል እንኳ ከነካ ገብቷል፤ ያን ጊዜ አፍ ዝም ይላል፣ ሁለት መዳፍ ወደ መሬት ይዘረጋል። ተጫዋች ከጋረደህ እጅህን ዓይንህ ላይ ታደርጋለህ፤ አላየሁም ማለት ነው። ከተሳሳትክ ክንድህን አንስተህ «ኮሬክሽን» ትላለህ፤ ጥሪዬን አርሜያለሁ ማለት ነው። አታጨበጭብም፣ አትስቅም፣ ተጫዋች አታናግርም። አበሻ ሆኖ አጠገቡ ለቆመ ሰው ደህና ዋልክ አለማለት እንዴት እንደሚከብድ የሚያውቅ ያውቀዋል።

ደረጃችን ከታች ሲጀምር የመስመር ዳኛ ነው። ከእኛ በላይ ከፍ ያለ ወንበር ላይ ወጥቶ ጨዋታውን የሚመራው የወንበር ዳኛ አለ፤ የእኛን ጥሪ መሻር ይችላል። ከዚያ በላይ የዳኞች አለቃ፣ ዋልት ማለት ነው። ከሁሉ በላይ የውድድሩ ዋና ዳኛ።

በየዓመቱ በክለቡ የሚደረገው ውድድር ትልቅ የሚባል አልነበረም። በቴሌቪዥን የምታውቋቸው ወደ እኛ አይመጡም፤ የእኛዎቹ እዚያ ለመድረስ ከከተማ ከተማ የሚዞሩ ናቸው። አሠልጣኝ ያለው ጥቂቱ ነው። ካልሲውን በሆቴል መታጠቢያ አጥቦ የሜዳው ዳር ወንበር ላይ የሚያሰጣም አይቻለሁ። ማክሰኞ ጠዋት ተመልካቹ ከዳኞቹ ያንሳል። አንድ ጊዜ አንድ ሙሉ ዙር ቁጭ ብሎ ያየ ሰውዬ ነበር፤ ሲያልቅ መዋኛው የት እንደሆነ ጠየቀን።

ችግሬ የታወቀው በመጀመሪያው ዓመት፣ በሦስተኛው ቀን ነው። ወንበር ላይ የነበሩት ሚስ ዶና ናቸው፤ ጡረታ የወጡ የሂሳብ አስተማሪ፣ መነጽራቸውን በሰንሰለት አንገታቸው ላይ የሚያንጠለጥሉ፣ ሲያዩህ የቤት ሥራህን ያልሠራህ የሚመስልህ ሴትዮ። አንድ ኳስ ከመስመሬ ውጭ፣ ሁለት ጣት ያህል ርቆ አረፈ። «አውት!» አልኩ። ኳሱን የመታው ልጅ ራኬቱን ጥሎ ወደ እኔ መጣ፣ ፊት ለፊቴ ቆመና አፈጠጠ። ዓይኔን ሰበርኩ። ሚስ ዶናም ከላይ አዩኝ። እሳቸው ፊትም አቀረቀርኩ። ወዲያው በማይክሮፎን ጥሪዬን ሻሩት።

ከጨዋታው በኋላ ዋልት ጠሩኝ።

«ኳሱ ውጭ ነበር?»

«በሁለት ጣት።»

«ታዲያ መሬት መሬት ያየኸው ምን ሆነህ ነው? ዶና ያልተማመንክ መስሏት ነው የሻረችብህ።»

ነገሩን አስረዳኋቸው። እኛ ቤት ታላቅ ሲያይህ፣ ሰው ሲቆጣህ፣ ዓይን ዓይኑን ማየት ብልግና ነው። የሚያፈጥ ልጅ «ዓይን አውጣ» ይባላል፣ ኩርኩምም ይከተለዋል። እኔ ያቀረቀርኩት ስላከበርኳቸው ነው። ዋልት ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። ሳቁ እንጂ ስለ እያንዳንዳችን በሚሞሉት የግምገማ ቅጽ ላይ የጻፉትን አልፋቁትም፤ «ጥሩ ዓይን አለው። ጥሪውን ግን ይጠራጠራል» ይላል። ይህ አንገበገበኝ። በዕድሜዬ ብዙ ነገር ተጠራጥሬያለሁ፤ ያንን ኳስ ግን አልተጠራጠርኩም።

ያንገበገበኝ ደግሞ ያለ ምክንያት አይደለም። ዋልት በየዓመቱ ከቡድናቸው የአንድ ሰው ስም ብቻ በሰመር ለሚደረገው ትልቅ ውድድር ይልካሉ፤ በቴሌቪዥን ለሚታየው። ያን ቦታ ፈለግሁት። አርባ ሁለት ዓመት ሞልቶኝ እንደ ልጅ ነው የፈለግሁት።

ስለዚህ ልምምድ ጀመርኩ። ዲኬተር ካለው አፓርታማችን ሳሎን ምንጣፍ ላይ ነጭ ፕላስተር ለጠፍኩ። ባለቤቴ ሶስና ሳንዲ ስፕሪንግስ ሆስፒታል ውስጥ ነው የምትሠራው፤ ከሥራ ስትመለስ የወጥ ማማሰያ ይዛ የተናደደ ተጫዋች ትሆንልኛለች። እኔ «አውት!» ስል እሷ ወገቧን ይዛ ትመጣለች። እኔ አቀረቅራለሁ።

«ኦ ማይ ጋድ፣ ቢኒ! ምንጣፉ ላይ ምን ጠፋብህ?»

«ልማድ ሆኖብኝ ነው።»

«ሚስትህን እኮ ነው የምታየው!»

«ስትቆጪ ታስፈሪያለሽ።»

«አይ እንግዲህ፣ በእኔ አይሆንም። ከባድ ሰው ላይ ፕራክቲስ አድርግ። ጋሽ ደምሴ ላይ።»

ጋሽ ደምሴ የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ ናቸው። የተጣላ ባልና ሚስት የሚያስታርቁ፣ ፊታቸው ቆሞ ያላቀረቀረ ሰው የሌለ። በዚያ እሑድ ከአምልኮ በኋላ መኪናቸውን ሰው ዘግቶባቸው ኖሮ ወደ እኔ መጡ፤ ሙያዬ ስለታወቀ የቤተ ክርስቲያኑን ፓርኪንግ የማስተባብረው እኔ ነኝ። እሳቸው ሲወቅሱኝ እኔ ዓይን ዓይናቸውን አየሁ። ንግግራቸው መሐል ላይ ተሰናከለ።

«ልጄ፣ ያስቀየምኩህ ነገር አለ?»

«ኧረ የለም፣ ጋሼ።»

«ታዲያ እንዲህ ዓይንህን የተከልክብኝ ለምንድን ነው?»

ላቤ እየወረደ ነገሩን ነገርኳቸው። ጥቂት አሰቡና ከረባታቸውን አስተካከሉ። «እንግዲያው የእንጀራ ጉዳይ ከሆነ በደንብ እናድርገው። እስቲ እንደገና» አሉና ፊታቸውን አኮሳትረው እየጮሁ መጡብኝ። ሦስት ጊዜ ደጋገምነው። ሦስተኛው ላይ ዓይኔ አልተሰበረም። ምዕመናኑ በአጠገባችን ሲያልፉ ምን እንዳሰቡ ያወቅሁት በማግስቱ ነው፤ ሁለት ሰዎች እኔንና ጋሽ ደምሴን ሊያስታርቁን ስልክ ደወሉ። አስታራቂውን የሚያስታርቅ ሰው ተገኘ እያልን ዓመቱን ሙሉ ስንስቅበት ኖርን።

በሁለተኛው ዓመት ማንም ጥሪዬን አልሻረም። በሦስተኛው ዓመት የፍጻሜው ጨዋታ ላይ ተመደብኩ። ጠዋት ዋልት ትከሻዬን ነካ አድርገው «ዛሬ እንከን ከሌለብህ ስምህን እልካለሁ» አሉኝ። ሶስና ፈቃድ ወስዳ መጥታለች። ወንበሩ ላይ ሚስ ዶና ናቸው። የእኔ የጎን መስመር ነው።

ተጫዋቾቹ አንዱ ግራኝ፣ ሌላው ሁለት ሜትር የሚጠጋ ረጅም ልጅ ነበሩ። ሁለት ሰዓት ተናነቁ። በመጨረሻ ረጅሙ ልጅ አንድ ነጥብ ብቻ ቀረው። ያንን ካገኘ ዋንጫው የእሱ ነው፣ የእኔም ቀን ያለ እንከን አለቀ። ግራኙ ጥግ ተይዞ ቀጥታ በእኔ መስመር በኩል መታ።

እውነቱን ልናገር። ኳሱ ከራኬቱ ሲለቅ ዓይኔ መስመሩ ላይ ነበር፤ ልቤ ግን ፊቴ ላይ ነበር። ቀና በል፣ ሚስ ዶናን እያቸው፣ እንዳታቀረቅር እያልኩ ራሴን እመክራለሁ። «አውት!» አልኩ፤ ክንዴም ወጣ። ኳሱ ያረፈው ከድምፄ በኋላ ነው። ያረፈውም ነጩ ላይ ነው። ነጩን ሲሸፍነው አየሁት።

ሊደርስበት ይሮጥ የነበረው ረጅሙ ልጅ ጥሪዬን ሰምቶ ቆመና ሁለት እጁን ወደ ጣሪያው አነሳ። ግራኙ አልጮኸም፤ ብቻ ዞሮ አየኝ። ሚስ ዶናም አዩኝ። እኔ እንደተለማመድኩት ቀጥ ብዬ አየኋቸው። ራሳቸውን በእሺታ ነቀነቁና ወደ ማይክሮፎኑ ጎንበስ አሉ።

ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ትክክል የጠራሁትን ኳስ ስላቀረቀርኩ ሻሩብኝ፤ የተሳሳትኩትን ደግሞ ቀና ስላልኩ ሊያጸድቁልኝ ነው። አፈርኩ። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይላሉ፤ እኔ ግን ለማደር ጊዜ አልነበረኝም። ክንዴን አነሳሁ።

«ኮሬክሽን!»

ረጅሙ ልጅ እጁን አውርዶ ወደ እኔ መጣ። እንደ ሶስና በማማሰያ አልነበረም አመጣጡ። «ጨዋታው አልቋል! ውጭ ብለሃል እኮ!» እያለ አፍንጫዬ ሥር ቆመ። መመለስ አይፈቀድልኝም። ዓይን ዓይኑን እያየሁ ሁለት መዳፌን ወደ መሬት ዘረጋሁ፤ ገብቷል ማለት ነው።

ሚስ ዶና ለአፍታ ተመለከቱኝ። «የመስመር ዳኛው አርሟል። ኳሱ ጥሩ ነበር። ነጥቡ ይደገም» አሉ።

የተደገመውን ነጥብ ግራኙ ወሰደው። ከዚያ ሌላም ሌላም ወሰደ። ረጅሙ ልጅ ያሸነፈው ከሃያ ደቂቃ በኋላ ነው። እግዜር ይስጠው፤ ባያሸንፍ ኖሮ እኔ ዛሬም እንቅልፍ ባልኖረኝ።

ዳኞች ክፍል ስገባ ሚስ ዶና ጫማቸውን አውልቀው ተቀምጠዋል። «አምኜህ ነበር እኮ» አሉኝ። «ፊትህን አይቼ ጨዋታውን ልዘጋ ነበር።»

«አውቃለሁ» አልኳቸው።

ዋልት ጥጉ ላይ ሆነው ቅጹን ይሞላሉ። ሲጨርሱ ወደ እኔ ገፋ አደረጉት። የመጀመሪያው መስመር «ስሕተት፦ አንድ፤ በወሳኝ ነጥብ ላይ፤ ኳሱ ሳያርፍ ጠራ» ይላል። አለቀ አልኩ በልቤ። ሶስና ፈቃድ የወሰደችውም፣ ጋሽ ደምሴ የጮሁትም በከንቱ ቀረ። ወረቀቱን ልመልስላቸው ስል ዋልት ታችኛውን መስመር በእስክሪብቶ ነኩልኝ።

«ራሱ አረመው። ይህ ሰው ሲያያችሁ እመኑት።»

ስሜን ላኩት። በዚያው ሰመር ሄድኩ።

አሁን ጡረታ ላይ ነኝ፤ በብዙ ቦታም መስመሩን የሚያየው ካሜራ ሆኗል። በትናንሾቹ ውድድሮች ላይ ግን አሁንም ሰው ይቆማል፣ የእኛም ልጆች ገብተውበታል። ሲጠይቁኝ የምላቸው አጭር ነው። ኳሱ እስኪያርፍ አፋችሁን ዝጉ። ከተሳሳታችሁ ወዲያው አርሙ። የሰው ዓይን ማየቱ ከዚያ በኋላ ይደርሳል።