አማቷ ያስጋለቧት ሴት

ቡሩል መንገደኛ መምራት የጀመረችው አስባበት አይደለም። ባሏ ኤርኪን በሕይወት ሳለ፣ እንግዶችን በፈረስ አስቀምጦ ከታችኛው መንደር የሚነሣው፣ በተራራው በር አሻግሮም ሶንግ ኩል ሐይቅ ዳር የሚያደርሳቸው እሱ ነበር። የእሷ ሥራ ከላይ፣ ከበጋው ሰፈር ሆኖ መጠበቅ ነበር፤ ባዝራ ማለብ፣ ኩበት ማድረቅ፣ ለመጣው እንግዳ ሾርባ መጣድና ፍራሽ ማንጠፍ። ኤርኪን አንድ ክረምት ልቡን ታሞ ሞተ። በረዶው መቅለጥ ሲጀምር ከከተማ፣ ከጉዞ ቢሮ፣ ስልክ ተደወለ። ሰውየው መርዶውን አልሰማም።

«ኤርኪን አለ? እንግዶች ይዘንለታል።»

ቡሩል በመስኮት ወደ በረቱ አየች። ፈረሶቹ ሥራ ፈትተው ድርቆሽ ሲቆረጥሙ ከርመው ሆዳቸው ተዘርጥጧል።

«ኤርኪን የለም። እኔ እመጣለሁ» አለችና ዘጋችው። ምን እንዳለች የገባት ከዘጋችው በኋላ ነው።

መንደርተኛው በመጀመሪያው ዓመት «ባልቴቷ ፈረንጆቹን ገደል ትከታቸዋለች» ሲል ከረመ። አልከተተቻቸውም። እንዲያውም ሥራው እንደ ልኳ የተሰፋ ልብስ ሆነላት። ጠዋት ኮርቻ ስትጭን፣ ቀትር ላይ ከምንጭ ውሃ ስትጠጣ፣ ሰው ሁሉ ዝም ብሎ ተራራውን ሲያይ እሷም አብራ ዝም ስትል፣ ደስ ይላት ነበር። ሐዘኗ አልጠፋም፤ ግን ከኮርቻው ኋላ እንደታሰረ ጓዝ ሆነ፤ አብሯት ይሄዳል እንጂ አይጫናትም።

አሁን የሚወራው ነገር የሆነው ዕድሜዋ ሃምሳን ባለፈ በጋ ነው። የመጡት እንግዶች ቼኮች ነበሩ፤ ዝዴንካ የምትባል ጡረታ የወጣች የትራም ሾፌርና ሉቦሽ የሚባል ግዙፍ ባሏ። ሁለቱም በልጅነታቸው ትምህርት ቤት ሩስኛ ተምረው ነበርና ከቡሩል ጋር በዚያው በዛገ ሩስኛቸው ይግባባሉ።

ለሉቦሽ የደረሰው ቡላ ፈረስ ነበር። ቡላው ሣር ባየ ቁጥር ይቆማል።

«ለምንድን ነው እሺ የማይለኝ?» አለ ሉቦሽ ላቡን እየጠረገ።

«በምን ቋንቋ ነው የምታናግረው?»

«በቼክኛ ነዋ።»

«እሱ የሚያውቀው ኪርጊዝኛ ብቻ ነው። ‹ቹ› በለው።»

«ቹ» አለ ሉቦሽ በትሕትና። ቡላው ጆሮውን አቁሞ ሄደ። ሉቦሽ ከዚያ በኋላ እስከ ማታ ድረስ ከሰውም ከፈረስም ጋር ያወራው በዚያች አንዲት ቃል ነው።

ዝዴንካ ከቡሩል ጎን ለጎን እየጋለበች ትጠይቃለች። ባል አለሽ? ልጆችስ? ቡሩል ሁሉንም ነገረቻት፤ ናሪን ከተማ ስላገባችው ልጇም ስለ ኤርኪንም።

«ብቻሽን አይከብድሽም?»

«የት ብቻዬን ሆንኩ? አማቴ አሉ።»

«የባልሽ እናት? እሱ ከሞተ በኋላም?»

«እሱ ነው የሞተው። እሳቸው አልሞቱም።»

በማግስቱ የተራራው በር ላይ ሲደርሱ ሰማዩ ጠቆረና በረዶ እንደ ባቄላ ይወርድ ጀመር። ቡሩል እንግዶቹን ከፈረስ አውርዳ፣ የፈረሶቹን ጀርባ ለነፋሱ ሰጥታ፣ በአንድ ወፍራም ካፖርት ሥር ሦስቱም ተሸጎጡ። ከኪሷ ጨው ያለው የደረቀ እርጎ አወጣችና አንድ አንድ ድቡልቡል አደለቻቸው። ሉቦሽ ነከሰና ጉንጩን ያዘ።

«ይሄ ድንጋይ ነው።»

«አትንከሰው፣ ምጠጠው። በረዶው እስኪያባራ ያልቅልሃል።»

አልቆለት ብድግ ሲሉ ደመናው ተገፎ ሐይቁ ከታች ተዘርግቷል። ዙሪያውን ነጫጭ ክብ ድንኳኖች፣ በድንኳኖቹ መካከል ጢስ፣ ከጢሱ ወዲያ የፈረስ መንጋ። ዝዴንካ ምንም አላለችም። ቡሩል እዚህ ቦታ ላይ ዝም የሚል እንግዳ ትወድ ነበር።

አማቷ ከድንኳናቸው ደጃፍ ቁጭ ብለው ይጠብቃሉ። ስማቸው ቶክቶካን ነው፤ ቡሩል ግን ከሠርጓ ቀን ጀምሮ አንድም ቀን ስማቸውን በአፏ ጠርታው አታውቅም። ምራት የአማቷን ስም አትጠራም። «አፓ» ነው የምትላቸው፤ እናቴ እንደ ማለት። አሮጊቷ ቀጭን፣ ምላሳቸው የተሳለ፣ ዓይናቸው ግን እንደ ንስር ሩቅ የሚያይ ናቸው።

«ዘገያችሁ» አሉ። «ይሄኛው ፈረንጅ ነው ወይስ ድንኳን?»

«ሉቦሽ ነው፣ አፓ። እንግዳ ነው።»

«አንድ በግ አይበቃውም» አሉና ስልባቦቱንና ትኩሱን ቂጣ ወደ ሉቦሽ ገፋ አደረጉለት።

ማታ፣ እንደ ወትሮው፣ ሻርሼን መጣ። ሻርሼን በሁለት ጩኸት ርቀት የሰፈረ የባዝራ እረኛ ነው፤ ሚስቱ ከሞተች ቆይታለች። በጋ በመጣ ቁጥር ማታ ማታ በእንስራ ኩሚስ ይዞ ይመጣል። እነ ቡሩል የራሳቸው ባዝራዎች አሏቸው፤ የፈረስ ወተቱን የሚያቦኩበት የራሳቸው አቁማዳም አላቸው። ቢሆንም ያመጣል። ያስቀምጣል፣ ስለ አየሩ አንድ ቃል ይናገራል፣ ይሄዳል። ቶክቶካን ይቀምሱና «ዛሬም መረረ» ይላሉ፤ ከዚያ ጨልጠው ይጠጡታል።

በማግስቱ ከሐይቁ ዳር ካሉት ሰፈሮች ሁሉ ሰው ተሰበሰበ። እንግዳ በብዛት ሲገኝ እንደሚደረገው ፍየል የሚነጣጠቁ ፈረሰኞች ተጫወቱ፤ ትግልም ታየ። ከዚያ የልጃገረድ ማሳደድ ተራ ደረሰ። ልትጋልብ የነበረችው ልጅ ግን ሌሊቱን ጥርሷን አሟት ወደ ከተማ ወርዳለች።

«ምንድን ነው ጨዋታው?» አለች ዝዴንካ።

«ሴቷ ቀድማ ትነሣለች፣ ወንዱ ያሳድዳታል» አለቻት ቡሩል። «ከደረሰባት ይስማታል። ካልደረሰባት በመልሱ እሷ ታሳድደውና በአለንጋ ትገርፈዋለች።»

«ፍትሐዊ ነው።»

ሰው እየተንጫጫ ሳለ የቶክቶካን ድምፅ ተሰማ። «ምራቴ ትጋልባለች።»

ቡሩል ፊቷ ቀላ። «አፓ፣ ቀልዱን ይተዉት። ጨዋታው የልጃገረድ ነው።»

«ጥርስሽን አሞሻል?»

«አላመመኝም።»

«እንግዲያው ከልጃገረዷ ትሻያለሽ። ውጪ።»

ሰው ሳቀ። ጎረምሶቹ እርስ በርስ ተያዩና ወደ ኋላ አፈገፈጉ። አንዱ «እኔ አክስቴን አሳድጄ ቤቴ ልገባ ነው? እናቴ ታርደኛለች» አለ። ቡሩል፣ እሰየው ቀረልኝ፣ ብላ ፈገግ ልትል ስትል ሻርሼን የያዘውን ባልዲ አስቀመጠ። እጁን በሱሪው ጠረገ።

«እኔ አለሁ» አለ።

ሕዝቡ ዞሮ አየው። ቶክቶካን «አንተ? ፈረስህ ካንተ ይሻላል። ይሁን፣ ና» አሉ።

ቡሩል የኤርኪንን ዳማ ፈረስ አስመጥታ ወጣች። ከሠርጓ ወዲህ ሽምጥ ጋልባ አታውቅም። እንግዳ የሚመራ ሰው በሶምሶማ እንኳ ሲሄድ ዓይኑ ከኋላው ነው፤ ማን ወደቀ፣ የማን ጠፍር ላላ፣ ማን ቀረ እያለ። ምልክቱ ሲወርድ ግን ዳማው ከእሷ ቀድሞ ተወረወረ፤ እሷም የመጀመሪያውን ግማሽ በፍርሃት፣ ሌላውን ግማሽ በደስታ ሄደች። ሻሿ ተፈትቶ ነፋስ ወሰደው። መሬቱ ከሥሯ እየተጠቀለለ ያልፋል፣ ሐይቁ በአንድ በኩል ይብለጨለጫል። የሻርሼን ፈረስ ኮቴ ከኋላዋ ይሰማታል፤ ይቀርባል፣ ይቀርባል፣ ከዚያ አይጨምርም። አንድም ጊዜ ወደ ኋላ አላየችም። የተተከለውን ባንዲራ ስታልፍ ጮክ ብላ ስትስቅ ራሷን ሰማች።

በመልሱ ተራው የእሷ ሆነ። ደረሰችበትና በአለንጋዋ ጀርባውን ነካ አደረገችው፣ ለወጉ ያህል። ሕዝቡ «ጨምሪ» አለ። ያኔ የእሱን ፈረስ ልብ ብላ አየችው፤ ከዚያ ሁሉ ግልቢያ በኋላ ላቡ አልወጣም፣ አላለከለከም። ነገሩ ገባት። ሁለተኛው አለንጋ የምር ነበር፣ ሦስተኛውም።

ኋላ ላይ ፈረሶቹን ከሐይቁ ሲያጠጡ ቡሩል ሰውየውን አፍጥጣ አየችው።

«ልጓሙን ይዘኸው ነበር።»

ሻርሼን ጀርባውን እያሻሸ ውሃውን ያያል። «ብደርስብሽ ሰው ሁሉ ፊት ልስምሽ ነው። በኀፍረት ትሞቺ ነበር። እኔም እከተልሽ ነበር።»

«ታዲያ ለምን ወጣህ?»

«ሌላ ሰው እንዳይወጣ» አለ።

 ቡሩል ፈረሷን ይዛ ሄደች፤ ግማሽ መንገድ እንደሄደች ሻሿ እንዳልተመለሰ ትዝ አላት፣ ግን አልፈለገችውም።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ፣ እንግዶቹ ውጭ ሆነው ፎቶ ሲያነሡ፣ ሁለቱ ሴቶች ድንኳን ውስጥ ብቻቸውን ነበሩ። ቶክቶካን ሱፍ እየፈተሉ፣ ቀና ሳይሉ ጀመሩ።

«ያ ሰውዬ ይሄን ሁሉ በጋ ኩሚስ የሚያመላልሰው እኔ እንድጠጣው መሰለሽ?»

«ይጠጡታል እኮ፣ አፓ።»

«እና እንዲደፋ ልተወው?»

ቡሩል ምድጃው ውስጥ ኩበት ጨመረች። የሚጨመርበት ቦታ አልነበረም። «ኤርኪን…» አለች።

አሮጊቷ እንዝርቱን ጭናቸው ላይ አሳረፉ። «ኤርኪንን የወለድኩት እኔ ነኝ። ሐዘኑን ለእኔ ተዪልኝ። አንቺ ድርሻሽን አልቅሰሻል፤ ቤቱንም አቁመሻል።»

«እርስዎንስ ለማን ጥዬ?»

«ጥለሽኝ ሂጂ ማን አለሽ? የምንሄደው አብረን ነው። ሰውየው አንድ ሚስት ፈልጎ ሁለት ሴት ይጫንበታል፤ ጀርባው ሰፊ ነው፣ ዛሬ አየሽው አይደል።»

ቡሩል ሳቋና እንባዋ አንድ ላይ መጡባት። አጎንብሳ ጉልበታቸውን ሳመች። ቶክቶካን መዳፎቻቸውን ዘርግተው መረቁ፤ መንገድሽ ሜዳ ይሁን፣ ምድጃሽ አይጥፋ፣ ባዝራሽ አትምከን አሉ። ከዚያ ሁለቱም ፊታቸውን በመዳፋቸው አበሱ። «አሁን ሾርባውን አማስዪ፣ ሊያርርብሽ ነው» አሉ።

በማግስቱ ጠዋት እንግዶቹ መመለሻቸው ነበር። ሻርሼን «እስከ በሩ ልሸኛችሁ» ብሎ ተከተለ፤ ለምን እንደሚከተል ማንም አልጠየቀውም። ከተራራው በር በፊት ያለው ሰፊ ሜዳ ላይ ሲደርሱ ቡሩል ልጓሟን ሳበች። ከእንግዶቹና ከሩቅ በጎች በቀር ሰው የለም።

«አሁን በእውነት» አለችው።

«በእውነት?»

«ከያዝከው አይሃለሁ።» ይህን ብላ ዳማውን ኮለኮለችው።

ዝዴንካና ሉቦሽ ከፈረሶቻቸው ላይ ሆነው አዩ። ሻርሼን በዚህኛው ዙር ኮርቻው ላይ ተኝቶ፣ ፈረሱን እየገረፈ፣ እየጮኸ ነው የተከተለው። ሜዳው ሲያልቅ በመካከላቸው የነበረው ርቀት ከተነሡበት ሰፍቷል። ፈረሱ ላብ በላብ ሆኖ፣ ሰውየው እያለከለከ ቆማ ከምትጠብቅበት ደረሰ።

«ይኼኛው እውነት ነው» አለ።

«አውቃለሁ» አለች ቡሩል። «አፓ ተስማምተዋል።»

ሻርሼን በመጀመሪያ ምን እንደተባለ አልገባውም። ሲገባው ቆቡን አወለቀ፣ መልሶ አደረገ፣ ደግሞ አወለቀ። ሉቦሽ ከሩቅ «ቹ» ብሎ ጮኸለት።

ሠርጉ በመከር፣ መንጋው ከተራራ ሲወርድ፣ ያለ ብዙ ግርግር ሆነ። አንድ በግ ታረደ፤ ልጇ ከናሪን መጣች፣ እያለቀሰችም እየሳቀችም ኩሚስ ቀዳች። እንደ ወጉ ለሙሽራዋ ጉትቻ የምታደርግላት የወንዱ እናት ናት፤ የሻርሼን ወገን የሆኑ ትልልቅ ሴቶች ግን ሁሉም አልፈዋል። ማን ያድርግላት ሲባል ቶክቶካን ተነሡ። ጉትቻውን ለማስገባት ጊዜ ወሰደባቸው። ሰፈሩ እስከ ዛሬ ድረስ፣ ለአንዲት ምራት ሁለቴ አማት የሆኑ ሴት፣ እያለ ያወራላቸዋል። እሳቸውም ይሄን ሲሰሙ ደስ ይላቸዋል፤ ያልሰሙ እየመሰሉ ያስደግሙታል።

ቡሩል አሁንም እንግዶች ትመራለች። ሻርሼን ከላይ ሆኖ ይጠብቃታል፤ ሾርባ መጣድ ለምዷል፣ ጨው ግን ያበዛል። ቶክቶካን ደግሞ ሰውየው ሲያንኮራፋ የድንኳኑ እንጨት ይነቃነቃል እያሉ ለሚመጣው ሁሉ ያማርራሉ። እንግዳ ሁሉ ከሄደ በኋላ ግን፣ ቀዝቀዝ ሲል፣ የራሳቸውን ወፍራም ብርድ ልብስ የሚደርቡት በእሱ እግር ላይ ነው።