ሰማንያዬ በጎሬ ችሎት

ከመቱ እስከ ጎሬ ያለውን ዳገት ከባሌ ጋር ተቋጥረን ወጣነው። ከጠላት ወረራ በፊት ባላጋራ ከባላጋራው ጋር ዳኛ ፊት የሚቀርበው እንዲህ ነበር፤ የሱ ኩታ ጫፍ ከኔ ነጠላ ጫፍ ጋር ታሰረ። ስንት ዓመት አንድ ጣራ ሥር የኖርን ሰዎች ያን ቀን አንድ ቃል ሳንለዋወጥ ተጓተትን። እሱ ሆን ብሎ ይፈጥናል። እኔም እልኸኛ ነኝና ቀስ በል አልለውም፤ እየሮጥኩ እከተለዋለሁ።

ባሌ የቡና ነጋዴ ነበር። ቡና ሊሰበስብ ወደ ያዮ ሲመላለስ ሌላ ሴት ወደደና ቤቴ አምጥቶ አስገባት፤ እኔ ልጄን አዝዬ ወጣሁ። ቀለብ እንዲሰጠን ሽማግሌ ብልክበት፣ በደሞዝ ያስቀመጥኳት ገረድ ናት፣ ደሞዟን ተቀብላ ሄዳለች ብሎ መለሳቸው። የደሞዝ ሴት የወሯን ተቀብላ ትሄዳለች እንጂ ቀለብም ንብረትም አትጠይቅም። እኔ ግን ሽማግሌ ተቀምጦ፣ ንጉሥ ይሙት ተብሎ ተምሎልኝ የገባሁ የሰማንያ ሚስቱ ነበርኩ። ከረሃቡ ይልቅ ያንገበገበኝ ልጄን የገረድ ልጅ ማሰኘቱ ነው።

ችግሩ ምስክር ነበር። ሰማንያችን በቃል እንጂ በጽሑፍ አልነበረም። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ሞተዋል፣ አንዱ ሸዋ ተመልሰዋል። የቀረኝ ያን ዕለት አብሮ የነበረው፣ ሁሩሙ ላይ ማር የሚነግደው የአክስቴ ልጅ ብቻ ነው፤ እሱም ዝምተኛ። ልጄን የያዘችልኝ ጎረቤቴ ማለዳ ስትሸኘኝ "ሂን ሶዳቲን፣ አትፍሪ" ብላኝ ነበር። እኔ ግን ፈርቻለሁ።

ዳኛው ፊት ስንደርስ ቋጠሮው ተፈታ። ባሌ ችሎት ላይ አፈኛ ነው። ኩታውን አጣፍቶ፣ እየተንጎራደደ፣ ሚስቴ ከሆነች በበቅሎዬ ልወራረድ ሲል የቆመው ሰው ሁሉ በአድናቆት አጉረመረመለት። እኔ የምወራረድበት አንድ እንስራ ማር እንኳ የለኝም። ዳኛው ምስክር እንዳለኝ ጠየቁኝና የአክስቴን ልጅ ጠራሁ። ሊምል ወደ ፊት ራመድ ሲል ባሌ ዘሎ መሐል ገባ።

"ይህ ሰው አይመሰክርብኝም። አማቼ ነው፤ ለዘመዱ ያደላል።"

ዳኛው ቀስ ብለው "በደሞዝ ካስቀመጥካት ገረድ ዘመድ ጋር በምን በኩል ነው አማች የሆናችሁት?" አሉት።

ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። ግራ ቀኝ አየ፤ ያጉረመረሙለት ሰዎች አሁን ይስቁበታል። ዳኛው የሰማንያ ሚስቱ ነሽ ብለው ፈረዱልኝ።

ወዲያው ግን ባሌ ፈገግ አለ። ያንን ፈገግታ አውቀዋለሁ። እንግዲያው ሚስቴ ከሆነች ቤቴ ትግባ፣ ሚስት ቀለቧ ከባሏ ማጀት ነው አለ። ዳኛው ወደኔ ዞሩ። ያቺ ሴት እመቤት ሆና በተቀመጠችበት ቤት እህል እየፈጨሁ፣ ልጄም እያየችኝ ልኖር ነው። ያን ያህል የተሟገትኩለት ሚስትነት አንገቴ ላይ ገመድ ሆነ።

"ጌታዬ፣ ሰማንያ እንዳለኝ እሱ ራሱ አምኗል" አልኩ። "አሁን ይፍረስልኝ። ድርሻዬን ይስጠኝ፣ ልጁንም ይቀልባት።"

የባሌ ፊት አመድ መሰለ። ሰማንያ ሲፈርስ የጋራ ሀብት እኩል ነው፤ ቡናውም፣ ሊወራረድባት ያቀረባት በቅሎም። ዳኛው እንዳልሽው ይሁን አሉ።

የአክስቴ ልጅ ትከሻዬን ይዞ እንኳን ረታሽ አለኝ። እኔ ግን ስቅስቅ ብዬ አለቀስኩ፤ ሰው ሁሉ የደስታ ለቅሶ መሰለው። ለካ እስከዚያች ሰዓት ድረስ፣ ሚስቱ መሆኔ ከተረጋገጠ ይመለስልኛል ብዬ ተስፋ አደርግ ነበር።