በሩን የተሸከመው ሰውዬ

ባለፈው ሳምንት ደባርቅ መብራት ጠፍቶ አንድ ባለሱቅ ጄኔሬተር አስነሳ። የቤንዚኑ ሽታ ሲመጣብኝ እግሬ ቆመ። ወንድሜ ታድሎ ማታ ቤት ሲገባ እንዲህ ነበር የሚሸተው።

ታድሎ በጄኔሬተር በሚሠራው የጋሽ አየልኝ ቪዲዮ ቤት አስተርጓሚ ነበር። መስኮቱ በጆንያ ተሸፍኖ፣ ልጆች አግዳሚ ላይ ተጠጋግተው፣ እሱ ከቴሌቪዥኑ አጠገብ ቆሞ የፈረንጁን ወሬ በአማርኛ ይነግራቸዋል። ከሁሉ የሚወደደው አንድ አጭር የስፔን የካርቱን ፊልም ነበር፤ ተራራው ላይ ጊች ድረስ ዕቃዋን በበቅሎ ያደረሰላት ስፔናዊት ቱሪስት የላከችለት አሮጌ ካሴት። አንድ ጺማም ሰውዬ በር ተሸክሞ ይዞራል አሉ። ተራራ ላይ ያቆመዋል፣ ይከፍተዋል፣ ማንም የለም፤ መልሶ ይሸከመዋል። ታድሎ ስፔንኛ አንድ ቃል አያውቅም። ከራሱ ነበር የሚያወራው።

"አሉ" የምለው ገብቼ ስላላየሁት ነው። ቅናት ነው። ቤት ውስጥ "ወንድም ጋሼ" የምለው እኔ ብቻ ነበርኩ። እዚያ ግን የሰፈሩ ልጅ ሁሉ "ወንድም ጋሼ፣ በሩን ድገምልን!" ይለዋል። ከእሱ አንድ ነገር፣ የእኔ ብቻ የሆነ ነገር ፈልጌ ነበር። ውጭ ድንጋይ ላይ ቁጭ ብዬ ሳቃቸውን እሰማለሁ። ፊልሙ ከመጀመሩ በፊት ታድሎ በበሩ ብቅ ይላል።

"ሙጬ፣ ግባ እንጂ፤ ብርዱ ይገድልሃል።" ሙጭጭ ስለምልበት ያወጣልኝ ስም ነው፤ ከእሱ በቀር የሚያውቀው የለም።

"አልገባም። እነሱ አሉህ አይደል?"

"አይ አንተ አኩራፊ!"

ታድሎ ሊማሊሞ ቁልቁለት ላይ የተሳፈረበት መኪና ተገልብጦ ሞተ። ልጆቹ "ወንድም ጋሼ!" እያሉ ሲያለቅሱ ለቅሶዬንም የቀሙኝ መሰለኝ።

ከአርባው በኋላ ጋሽ አየልኝ ጠሩኝ። "ልጆቹ የእሱን ፊልም ክፈትልን ብለው አስቸገሩኝ። አንተም ግባ።"

ገባሁ። አስተርጓሚ የለም። ልጆቹ ራሳቸው የወንድሜን ቃል በአንድ ድምፅ ይሉታል፦ "አይ የኔ ነገር! በር አለኝ፣ ቤት የለኝም!" በመጨረሻ ሰውዬው በሩን በረዶ ላይ አቆመና ከፍቶ ይዞ ቀረ። ፊልሙ ዝም አለ። ልጆቹ ግን ጮኹ፦

"ሙጬ፣ ግባ እንጂ፤ ብርዱ ይገድልሃል!"

አጠገቤ የተቀመጠውን ልጅ "ሙጬ ማነው?" አልኩት።

"የሰውዬው ታናሽ ወንድም ነዋ። በሩን የሚሸከመው ለእሱ ነው። አኩራፊ ስለሆነ አይገባለትም።"

"ገብቶ አያውቅም?"

"እስካሁን አልገባም። ወንድም ጋሼ ግን አንድ ቀን ይገባል ይል ነበር።"

ያኔም ቀናሁ። ይህን ሁሉ ጊዜ ሲሰሙት የኖሩት እነሱ ናቸው።

ጋሽ አየልኝ ካሴቱን አውጥተው "እንካ፣ የወንድምህ ነው" ብለው ዘረጉልኝ።

"መልሰው ያስገቡትና ይድገሙልኝ" አልኳቸው።