በበረዶ ላይ የቆመው ቃሬዛ

ዛሬ ጋይንት ላይ በረዶ ጥሎ ማሳው ነጭ ሲሆን፣ የእርጥቡ አፈር ሽታ አጎቴን አስታወሰኝ። ኮሪያ ዘምቶ ከተመለሰ ወዲህ በረዶ በጣለ ቀን ከቤት አይወጣም ነበር።

በልጅነቴ እናቱ፣ አያቴ፣ ሞተች። የዚያን ቀን በረዶ ቢጥልም ቃሬዛዋን ከፊት የያዘው እሱ ነው። ከአባቴ ማሳ ስንደርስ በረዶውን አይቶ ቆመ።

«ከሥሩ ሰው አለ» አለ።

«በሰው አገር ጦርነት ያመጣኸው ጣጣ ነው! እናትህን ቅበር እንጂ!» አለው አንድ ጎረቤት። ሰዉ ሳቀ፤ እኔም ሳቅሁ። በለቅሶ መሳቄ እስከ ዛሬ ያሳፍረኛል።

የንስሐ አባታችን ግን «ተዉት ይፈልግ። ሳይቀብረው የመጣ ሰው አለበት» አሉ።

አጎቴ ተንበርክኮ በረዶውን በእጁ ጠረገ። ድንገት እጁን ሰብስቦ «ይኸውና» አለና በቀስታ መልሶ ሸፈነው። ሳቁ ጠፋ። ቃሬዛው በዳር ዞሮ ሄደ።

በማግስቱ በረዶው ሲቀልጥ ሄጄ አየሁ፤ ገብስ ብቻ ነው። አባቴ ግን ያችን ቦታ ማረሻ ሳያስነካት ሞተ።

አሁን ማሳው የእኔ ነው። ልጄ «አባዬ፣ ይችን ለምን እንዘላታለን?» ሲለኝ «ዞረህ እረስ» እለዋለሁ። ውሸት አልወድም፤ እውነቱን ደግሞ አላውቀውም።